ስለ መለኪያ ሰሌዳውና ስለ ዐይነ ስውሩ ፈቃድ የተሰጠ ቃል

የምስክር ቃል መቀበያ

የምስክሯ ስም፦ ከዚህ ጋር በተያያዘው የመታወቂያ ቅጂ ላይ እንደሰፈረው
ዕድሜ፦ 58
የጋብቻ ሁኔታ፦ ባሏ የሞተባት
ሥራ፦ በዓሣ ማጥመጃ ፈቃድ ጽሕፈት ቤት የጽዳት ሠራተኛ
የትምህርት ደረጃ፦ "የለም" ተብሎ ከተጻፈ በኋላ በምስክሯ ጥያቄ ተሰርዞ፣ "በራሷ የተማረች"
አድራሻ፦ ከሐይቁ በር በስተግራ፣ ከጀልባ መጠገኛው ጀርባ፣ ሰማያዊ በር ያለው ቤት
ቃሉ የተሰጠበት ቀንና ሰዓት፦ ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 2፡50 እስከ 6፡15
ጉዳዩ፦ ማየት ለተሳናቸው አመልካች በሐሰተኛ የፈተና ውጤት ፈቃድ ሰጥቷል ተብሎ ስለተጠረጠረው የፈቃድ ክፍል ሠራተኛ

እኔ ከላይ የተገለጽሁት ምስክር፣ መጥሪያ ሳይደርሰኝ በገዛ እግሬ ወደ ጣቢያው መጥቼ ቃሌን የሰጠሁ ነኝ። የመጣሁበት ምክንያት የፈቃድ ክፍሉ ሠራተኛ ሰኞ ጠዋት ወደ አራት ሰዓት ገደማ ከጠረጴዛው ተነሥቶ ሲወሰድ ስላየሁ ነው። በዚያ ሰዓት ኮሪደሩን እየወለወልሁ ነበር። ሁለት ፖሊሶች ግራና ቀኝ ሆነው ይዘውት በአጠገቤ ሲያልፍ፣ "እትዬ፣ ወለሉ እርጥብ ነው? አዳልጦኝ ስወድቅ ሊያመልጥ ሞከረ እንዳይሉኝ" አለኝ። ከዚህ ሌላ አልተናገረም። ራሱን ነጻ የሚያወጣበት ቃል እንዳለውና ያንን ቃል ቢናገር የምጠየቀው እኔ እንደሆንሁ ግን አውቅ ነበር። ሰኞንና ማክሰኞን ዝም ብዬ ዋልሁ። ዛሬ መጣሁ።

ክሱ የተነሣው የጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ ከእረፍት ተመልሰው ማኅደሮችን ሲያገላብጡ ነው። ድምፃቸው እስከ ጓሮ ይሰማ ነበር። "ዐይን የሌለው ሰው ዓሣ ሲለካ የት ታየ? ነገ ደግሞ ለድመት ፈቃድ ስጡ!" ሲሉ ሰምቻለሁ። በማኅደሩ ያለው የፈተና ወረቀት እንደሚያሳየው አመልካቹ የሦስት ዓሦችን ርዝመት ተጠይቀው የሰጡት መልስ በሦስቱም ከመለኪያ ሰሌዳው ጋር አይስማማም። ከሥሩ ግን "አልፏል" ይላል። በሁለተኛ ምስክርነት የተፈረመው ፊርማ የእኔ ነው። በቅጥር ማኅደሬ ላይ ደግሞ "ማንበብና መጻፍ አትችልም" ተብሎ ተጽፏል። ኃላፊው ይህን ሁሉ አንድ ላይ አድርገው ሠራተኛው ለሰፈሩ ሰው አድልቷል፣ የእኔንም ፊርማ አስመስሎ ፈርሟል ብለው አመልክተዋል። ኃላፊው ክፉ ሰው አይደሉም። እኔም ያንን ወረቀት ብቻ ባየው እንደሳቸው አስብ ነበር።

ፊርማው የራሴ ነው። ያነበብሁትን ነው የፈረምሁት።

መርማሪው ፈቃድ የሚሰጠው እንዴት እንደሆነ እንዳስረዳ ጠይቀውኛል። ዕድሜው አሥራ ስምንት ዓመት የሞላ ሰው ማመልከቻ ይሞላል፤ ሁለት ፎቶግራፍና የነዋሪነት መታወቂያ ያቀርባል፤ ቅዳሜ ጠዋት የሚሰጠውን ትምህርት ተከታትሎ ይፈተናል። በቃል የሚጠየቀው ዓሣ የሚራባባቸውን የተዘጉ ወራት፣ በአንድ ዘንግ ላይ የሚፈቀደውን የመንጠቆ ቁጥር፣ በዘንግ ፈቃድ መረብ መጣል ክልክል መሆኑንና ይህን የመሰለውን ነው። ከዚያ የእጅ ፈተና አለ። ከሳፋ ውስጥ በሕይወት ያለ ዓሣ ይሰጠዋል፤ ዓይነቱን ይለያል፣ ርዝመቱን ይናገራል፣ "ይያዛል" ወይም "ይመለሳል" ብሎ ይፈርዳል። ቆሮሶ ከሃያ አምስት ሣንቲ ሜትር ካነሰ ወደ ውኃው ይመለሳል። ልጆቿን የያዘች ዓሣ የቱንም ያህል ብትረዝም ትመለሳለች። ያለፈ ሰው ፈቃዱንና የያዘውን ዓሣ የሚመዘግብበትን ደብተር ይቀበላል፤ ዓመት ሲሞላ ደብተሩን አስረክቦ ፈቃዱን ያድሳል። መጻፍ የማይችል ሰው በሌላ ሰው እጅ ማስሞላት ይፈቀድለታል። መመሪያው አሥራ አንድ አንቀጽ ሲሆን በኮሪደሩ ግድግዳ ላይ በመስታወት ውስጥ ተሰቅሏል። ከአሥራ አንዱ በአንዱም ውስጥ "ዐይን" የሚል ቃል የለም። መርማሪው ይህን በምን እንዳረጋገጥሁ ጠይቀውኝ በቃሌ እንደምችለው ነገርኋቸው። አራተኛው አንቀጽ ላይ ስደርስ ይበቃል አሉኝ።

አመልካቹ የሐይቁ ዳር ሰው ሁሉ "ጋሽ ቡሽ" ብሎ የሚጠራቸው ሽማግሌ ናቸው። ስሙ የወጣላቸው እንደ መንጠቆ ቡሽ ምንም ቢጫናቸው ስለማይሰምጡ ነው ይባላል። አርባ ዓመት ያህል በዘንግ አጥምደዋል። ከስድስት ዓመት በፊት ዐይናቸው ጨርሶ ሲጠፋ ፈቃዳቸውን ሳያድሱ ቀሩ። ያለ ፈቃድ ማጥመድ ክልክል ስለሆነ ከዚያ ወዲህ ባዶ እጃቸውን ውኃው ዳር ይቀመጡ ነበር እንጂ አንድ ቀንም ዘንግ ይዘው አላየኋቸውም። ዘንድሮ እንደገና ለማመልከት አራት ጊዜ መጥተው አራት ጊዜ ተመልሰዋል፤ አንዴ መታወቂያው አርጅቷል ተብለው፣ አንዴ ፎቶው ዐይን የተገለጠበት መሆን አለበት ተብለው። በዚያን ቀን "እኔማ ገልጬዋለሁ፤ አላይ ያለው እሱ ነው" ብለው አግዳሚው ላይ የተቀመጠውን ሰው ሁሉ አስቀውታል።

ፈተናው የተደረገው ከአምስት ሳምንት በፊት፣ ቅዳሜ፣ ከጠዋቱ አራት ተኩል ላይ፣ በጽሕፈት ቤቱ የኋላ ክፍል ነው። ዘወትር በሁለተኛ ምስክርነት የሚቀመጠው ዘበኛው ነበር። በዚያን ቀን ግን ዓሦቹን ከሐይቁ አምጥቶ ሳፋው ውስጥ እንደጨመረ ሚስቱን ምጥ ስለያዛት እየሮጠ ሄደ። ሠራተኛው የቃሉን ፈተና ጨርሶ፣ "ጋሼ፣ ምስክር ስለሌለኝ የእጁን ለሚቀጥለው ቅዳሜ እናድርገው" አላቸው። እኔ በሩ አጠገብ ነበርሁ።

"ለምን? እሷ አለች አይደል እንዴ" አሉት ጋሽ ቡሽ።

"እትዬ ማንበብ አይችሉም፤ ምስክር የሚሆነው የሚያነብ ሰው ነው።"

"ማን ነው ይህን ያለህ? አንተ ልጅ፣ እኔ እዚህ አግዳሚ ላይ አራት ቀን ተቀምጫለሁ። የዚህች ሴት መወልወያ እሽ እሽ እያለ ይመጣና ማስታወቂያው ጋ ሲደርስ ጸጥ ይላል። ማስታወቂያው የከረመ ከሆነ ጸጥታው አጭር ነው። አዲስ የተለጠፈ ቀን ግን እኔ ሻዬን ጠጥቼ ብርጭቆውን መልሻለሁ፣ እሷ ገና እዚያው ናት። የማያነብ ሰው ግድግዳ ፊት ቆሞ ምን ይሠራል? ከግድግዳ ጋር ይነጋገራል?"

እጄ መወልወያው ላይ እንዳለ ቀረ። ከሃያ የሚበልጡ ዐይናሞች በየቀኑ በአጠገቤ ሲያልፉ ያላዩትን ነገር አንድ ዐይነ ስውር አይተውብኛል። ፈራሁ፤ ግን ከፍርሃቴ ይልቅ መደነቄ ይበልጥ ነበር። ሠራተኛው "እትዬ፣ እውነት ነው?" አለኝ። የፈተናውን ቅጽም ወደ እኔ ገፋ አደረገው። ከላይ እስከ ታች አነበብሁለት። "ከማን ተማሩ?" ሲለኝ "ከአንተ" አልሁት።

እውነቱም ይኸው ነው። ሠራተኛው ቅዳሜ ቅዳሜ አመልካቾችን ሰብስቦ አሥራ አንዱን አንቀጽ ጮክ ብሎ ያነብላቸዋል፤ አንድ ቃል አይጨምርም፣ አይቀንስም። እኔ ከኋላቸው ቆሜ ወለሉን እያሸሁ፣ በጆሮዬ የእሱን ድምፅ፣ በዐይኔ የግድግዳውን መስመር እከተል ነበር። መጀመሪያ የለየሁት ቃል "ዓሣ" የሚለው ነው፤ በየአንቀጹ ስለሚመላለስ። ለይቼ ባወቅሁበት ቀን ግድግዳው ላይ ሠላሳ አራት ቦታ ቆጠርሁት። ስንት ዓመት ስወለውለው የኖርሁት ግድግዳ ያን ሁሉ ዓሣ ይዞ ዝም ብሎ ቆሞ ኖሯል። ከዚያ በኋላ መደርደሪያ ላይ የተነጠፈ ጋዜጣ፣ የተጣለ መጽሐፍ፣ የመድኃኒት ወረቀት፣ ያገኘሁትን ሁሉ አነብ ጀመር። በትክክል ለማንበብ ሦስት ዓመት ፈጅቶብኛል።

መርማሪው ይህን ለምን እንደደበቅሁ ጠይቀውኛል። አንደኛ፣ ከእኔ በፊት የነበረችው ጽዳት ሠራተኛ የሰው ማኅደር እያነበበች ሰፈር ለሰፈር ታወራ ስለነበር፣ ማንበብ የማትችል ሴት ተፈልጋ ነው እኔ የተቀጠርሁት። ሁለተኛውን ምክንያት እስከ ዛሬ ለማንም ተናግሬው አላውቅም። ይመዝገብልኝ ብያለሁ።

የዛሬ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ባለቤቴ በሕይወት ነበር። እሱም በዘንግ ዓሣ አጥማጅ ነበር፤ ፊደል አይለይም። እኔ በልጅነቴ ለጥቂት ወራት ፊደል ቆጥሬ ስለነበር በቤታችን የተማርሁት እኔ ነበርሁ። የማውቀው ጥቂት ፊደላትን ብቻ ነው። ነገር ግን "የኔ ምሁር" እያለ ሲጠራኝ ደስ ስለሚለኝ አላረምሁትም። አንድ ማክሰኞ በሐይቁ በር ላይ ቀይ ማኅተም ያለበት ወረቀት ተለጥፎ አየን። "ምን ይላል?" አለኝ። ቆሜ አየሁት። ባለፈው ወር የተለጠፈውም ቀይ ማኅተም ነበረው፤ እሱ ስለ ፈቃድ እድሳት ነበር። "ፈቃድ አድሱ ነው የሚለው" አልሁት። "አድሼ የለም እንዴ!" ብሎ ስቆ አለፈ። ወረቀቱ የሚለው፣ ከላይ ያለው የግድብ የውኃ በር ለሦስት ቀናት ስለሚከፈት ማንም ሰው ከወንዙ መግቢያ ባሉት ዐለቶች ላይ እንዳይቆም ነበር። ሐሙስ ከቀትር በኋላ ውኃው ከዐለቱ ላይ ወሰደው። ቅዳሜ አስከሬኑ ተገኘ። ለቅሶ የመጣው ሰው ሁሉ "ማስታወቂያ ተለጥፎ እያለ!" ይል ነበር። "ማን አነበበለት?" ብሎ የጠየቀኝ ግን አልነበረም። ከዓመታት በኋላ የዚያን ማስታወቂያ ቅጂ ማኅደር ክፍል ውስጥ አገኘሁት። አራት መስመር ነው። በአንድ ትንፋሽ ይነበባል።

ወደ ፈተናው እመለሳለሁ። ሠራተኛው ምስክር መሆን እንደምችል ካረጋገጠ በኋላ ወንበር ሰጥቶኝ ተቀመጥሁ። ጋሽ ቡሽ እጃቸውን በቀዝቃዛ ውኃ አራሱ፤ "በደረቅ እጅ ዓሣ መንካት በጥፊ እንደ መምታት ነው" አሉ። የመጀመሪያው ዓሣ ሲሰጣቸው አውራ ጣታቸውን በጀርባው እሾህ ላይ አንድ ጊዜ ብቻ አሳልፈው "ቆሮሶ" አሉ። ከዚያ ስንዝራቸውን ዘርግተው ከአፉ እስከ ጭራው አስኬዱ። ሌላ ሰው እንዲህ ሲያደርግ ብዙ ጊዜ አይቻለሁ፤ የእሳቸው እጅ ግን የሚለካ ሳይሆን የሚያዳምጥ ይመስል ነበር። ዓሣውም አልተንፈራገጠም። "ስንዝሬና ሁለት ጣቴ ሃያ አምስት ነው፤ ሚስቴ ልብስ ሰፊ ናት፣ ስንት ጊዜ ለክታዋለች። ይኼ ግማሽ ጣት ይጎድለዋል። ሃያ አራት። ይመለሳል" አሉ።

ሠራተኛው ዓሣውን ተቀብሎ ሰሌዳው ላይ አጋደመው። ሰሌዳው ቁጥር የተጻፈበት ጠፍጣፋ እንጨት ሲሆን በአንዱ ጫፍ የዓሣው አፍ የሚደገፍበት መቆሚያ ተመትቶበታል። "ሃያ ስድስት ነው ጋሼ። ይያዛል" አላቸው።

"ሃያ አራት ነው።"

"ሰሌዳው እኮ ነው የሚለው።"

"ሰሌዳህ ስንት ዓመት ዓሣ አጥምዷል?"

ሠራተኛው ሳቀ፤ ግን ወረቀቱ ላይ የኤክስ ምልክት አደረገ። ሁለተኛውን ዓሣ ሃያ ዘጠኝ አሉት፤ ሰሌዳው ሠላሳ አንድ አለ። ሠራተኛው አሁን አልሳቀም፤ አዘነላቸው መሰለኝ። እኔ ግን የሰሌዳውን መቆሚያ ማየት ጀምሬ ነበር። ምክንያቱን ወደ በኋላ እናገራለሁ።

ሦስተኛውን ገና እንደያዙት እጃቸው ቆመ። "ሃያ ሰባት ትሆናለች" ብለው፣ ሠራተኛው በሰሌዳው ለክቶ ሃያ ዘጠኝ መሆኗን ሲነግራቸው፣ "ርዝመቱን ተወው። ጉንጯን ንካ። ከአገጯ ሥር እንደ ከረጢት ሆኗል። ይቺ ምንም አልበላችም፣ አፏ ግን ሙሉ ነው። ቶሎ ውኃ ውስጥ መልሳት፣ ቀስ ብለህ" አሉት። ሠራተኛው መመሪያውን እንደ ውኃ ይጠጣዋል እንጂ ዓሣን ከወረቀት ውጭ ብዙ አያውቅም። ለብቻዋ ንጹሕ ውኃ ባለበት ባልዲ ውስጥ ጨመራት። "አሁን ዝም በሉ፤ እንዳትነቃነቁ" አሉን። ሦስታችንም ባልዲውን ከበን ጎንበስ አልን። ጋሽ ቡሽም ጎንበስ አሉ።

ስንት ደቂቃ እንደቆየን መናገር አልችልም። አፏን ትንሽ ከፈት አደረገች፤ ከአፏም እንደ ጭስ ያለ ነገር ወጣ። ጭስ አልነበረም። እያንዳንዳቸው ከምስር የማይበልጡ፣ ዐይናቸው ብቻ የሚታይ፣ ቁጥር ሥፍር የሌላቸው ልጆች ነበሩ። በራሷ ዙሪያ እንደ ደመና ተበተኑ። ሠራተኛው ደንግጦ እጁን ሲያንቀሳቅስ ጥላው ውኃው ላይ ወደቀና ሁሉም ባንድ ጊዜ ወደ እናታቸው አፍ ተመልሰው ገቡ። አንድም ውጭ አልቀረም። እሷም አፏን ገጠመች። "ወጡ?" አሉ ጋሽ ቡሽ። "ወጡ፤ ተመልሰውም ገቡ" አልኋቸው። "አዎ፣ እንዲያ ናቸው" አሉ፤ የሚያውቁትን ጎረቤት ደኅንነት የሰሙ ያህል ፈገግ ብለው። ባሌን የወሰደብኝን ውኃ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ በጥሩ ዐይን አይቼው አላውቅም ነበር። በዚያች ባልዲ ላይ አጎንብሼ ግን እንባዬ መጣ።

ሠራተኛው ከዚያ በኋላ እንደ በፊቱ አልነበረም። ሄዶ ከመሳቢያው የራሱን የጽሕፈት ማስመሪያ አመጣና የመጀመሪያውን ዓሣ እንደገና ለካ። ሃያ አራት። ሁለተኛውን ለካ። ሃያ ዘጠኝ። ሰሌዳውን አንሥቶ ወደ መስኮቱ ወስዶ አየው። መቆሚያው ከተመታባቸው ምስማሮች የአንዱ አንገት የተጣመመ ነበር፤ አናጢ እንዳልመታው ያስታውቃል። ምስማሩን አየ፤ ቀና ብሎ የእኔን ፊት አየ። እኔም አንገቴን ደፋሁ።

ሰሌዳውን ያበላሸሁት እኔ ነኝ። ከፈተናው አሥራ አራት ወር ቀደም ብሎ፣ ሰሌዳውን በጓሮ ሳጥብ የዓሣ ልጋግ ስለነበረበት አዳልጦኝ ከእጄ ላይ ጥዬው የደረጃውን ድንጋይ መታ፤ መቆሚያውም ተነቀለ። የመንግሥት ዕቃ የሰበረ ኮንትራት ሠራተኛ ምን እንደሚደርስበት ስለማውቅ ለማንም ሳልናገር በድንጋይ መልሼ መታሁት። የት ላይ እንደምመታው ለማወቅ ቁጥሮቹን አነበብሁ። በውኃ ብዛት ዜሮና አንድ ከነመስመራቸው ጠፍተዋል፤ በግልጽ የሚታየው የመጀመሪያ ቁጥር ሁለት ነበር። መነሻው እሱ ነው ብዬ መቆሚያውን እዚያ ላይ አደረግሁት። ከዚያን ቀን ጀምሮ እያንዳንዱ ዓሣ ሁለት ሣንቲ ሜትር ረዘመ። ማንም ያላስተዋለው ሰው ሁሉ ዓሣ ሲለካ የሚያየው በጭራው በኩል ያለውን ቁጥር ስለሆነ ነው። እኔም በዚያች ቅዳሜ የሽማግሌው መልስ ሁለት ጊዜ በተከታታይ በሁለት ሲያንስ እስክሰማ ድረስ የሠራሁትን አላወቅሁም። ጠፍቶ የማይነበበውን እንደገና በመሰለኝ አንብቤዋለሁ ማለት ነው።

ሠራተኛው ሰሌዳውን ጓሮ ወስዶ ምስማሮቹን በጉጠት ነቅሎ፣ በማስመሪያው ለክቶ፣ መቆሚያውን ወደ ትክክለኛ ቦታው መለሰው። ተመልሶም ወረቀቱ ላይ "አልፏል" ብሎ ጻፈ፤ ቅጹን እኔ አንብቤ ፈረምሁ። "እንኳን ደስ ያለዎት ጋሼ፤ ደብተሩን ማን ይሞላልዎታል?" ሲላቸው፣ "የመወልወያዋ ባለቤት" ብለው መለሱለት። ሰሌዳው ተበላሽቶ እንደነበር በወረቀቱ ላይ ቢጻፍ ማን እንዳበላሸው ይጠየቃል፤ ስለዚህ የማብራሪያውን ቦታ ባዶ ተወው። የተፈጸመው ጥፋት ይህ ብቻ ነው፤ እሱንም ያደረገው ለእኔ ሲል ነው። አመልካቹን በተመለከተ የተጻፈ ሐሰት የለም።

መርማሪው ይህ ሁሉ ሠራተኛውን ለማዳን የተፈጠረ ወሬ አለመሆኑን በምን እንደማስረዳ ጠይቀውኛል። የፈተናው ወረቀት ጠረጴዛቸው ላይ ስለነበር ቁጥሮቹን እንዲያነቧቸው ለመንኋቸው። ሃያ ስድስትና ሃያ አራት። ሠላሳ አንድና ሃያ ዘጠኝ። ሃያ ዘጠኝና ሃያ ሰባት። የሚገምት ሰው አንዴ ያበዛል፣ አንዴ ያሳንሳል። ሁልጊዜ እኩል የሚሳሳት የሰው እጅ የለም፤ እኩል የሚሳሳት እንጨት ነው። ቀጥሎም በኤግዚቢትነት የመጣውን ሰሌዳ መርማሪው በእኔ ፊት መርምረው፣ ከቁጥር ሁለት ሥር የዛጉ ሁለት የምስማር ቀዳዳዎች አግኝተዋል። ማስመሪያ አስመጥተው ከቀዳዳዎቹ እስከ አሁኑ መቆሚያ ያለውን ለክተዋል። ሁለት ሣንቲ ሜትር ነው። ከዚያ በኋላ ሰሌዳውን ጠረጴዛው ላይ መልሰው አስቀመጡት። "ይኼን ሽማግሌ እኔም ላያቸው ይገባል" አሉ።

ሌላም የማስመዘግበው አለኝ። በእነዚያ አሥራ አራት ወራት ፈቃድ ያገኙት ሰዎች መቶ ሰባት መሆናቸውን ከመዝገቡ ላይ ቆጥሬያለሁ። ሁሉም ሃያ አምስት ምን ያህል እንደሆነ የተማሩት በዚያ ሰሌዳ ነው። ሳያውቁ ገና ያላደገ ዓሣ እየያዙ ይሆናል። ጥፋቱ የእነሱ ስላልሆነ ሳይቀጡ ተጠርተው እንደገና እንዲማሩ እጠይቃለሁ።

መርማሪው እስከዚህ ድረስ ከሰሙ በኋላ፣ ስለ ሰሌዳው የተናገርሁት በራሴ ላይ ሊያስጠይቀኝና ሥራዬን ሊያሳጣኝ እንደሚችል፣ ከፈለግሁም ይህን ክፍል መተው እንደምችል ነግረውኛል። ይጻፍ ብያለሁ። ሰኞ ለምን እንዳልመጣሁ ሲጠይቁኝ ፈርቼ እንደነበር ተናግሬያለሁ። ዛሬስ አልፈራሽም ወይ ሲሉኝ፣ እፈራለሁ፤ ነገር ግን የማላውቀውን አውቃለሁ ብዬ አንድ ሰው አጥፍቻለሁ፤ አሁን ደግሞ የማውቀውን አላውቅም ብዬ ሌላ ሰው አላጠፋም ብዬ መልሻለሁ።

ይህን ቃል መርማሪው ሊያነቡልኝ ሲጀምሩ ተቀብያቸው ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው ድምፄን አውጥቼ ያነበብሁት እኔ ነኝ። በአንድ ቦታ ላይ መርማሪው በደግነት "ሰሌዳው በድንገት ወድቆ" ብለው የጻፉትን "ከእጄ ላይ ጥዬው" ተብሎ እንዲታረም አድርጌያለሁ። ከዚህ ውጪ የሚታረም አላገኘሁም። የተጻፈው ሁሉ ያየሁት፣ የሰማሁትና ያደረግሁት ነው፤ ለዚህም ስሜን በእጄ ጽፌ ፈርሜበታለሁ።

የምስክሯ ፊርማ፦ (ተፈርሟል)
ቃሉን የተቀበለው መርማሪ ፊርማ፦ (ተፈርሟል)

የመርማሪው ማስታወሻ፦ ለምስክሯ የቀረበው የጣት አሻራ ቀለም ሥራ ላይ አልዋለም። የአመልካቹ ፈቃድ እንደጸና እንዲቆይ ለጽሕፈት ቤቱ ተጽፏል። የፈቃድ ክፍሉ ሠራተኛ በዚህ ቃልና በሰሌዳው ምርመራ መነሻ በዕለቱ ከቀኑ 7፡10 ተለቅቋል። ሲወጣ ምስክሯን ወደ ቤቷ ለማድረስ ጠይቆ፣ ሰሌዳውን በሚመለከት በራሷ ጉዳይ የምትሰጠው ቃል ስለሚቀራት አልተፈቀደለትም። ወደ ቤቱ እንዲሄድ ተነግሮታል። አልሄደም፤ ውጭ አግዳሚው ላይ ተቀምጦ እየጠበቃት ነው።